ሦስት ጎል ተኩል

እሑድ፣ የካቲት 15 ቀን 1979

አንገረብ ጭልጋን አምስት ለባዶ። ከአይከል በጭነት መኪና ተጭነው የመጡት ልጆች በሁለተኛው አጋማሽ መሮጥም ሰልችቷቸው ነበር። በረኛችን ጀማሉዲን ኳሷን በእጁ የነካት ሁለቴ ቢሆን ነው። ዘንድሮ በአውራጃዎቹ ዋንጫ እስካሁን አንድም ጎል አልገባበትም። ማሊያውን የሰፋሁት እኔ ነኝ፤ ልጄን ራቢዓን የጠየቀውም እሱ ነው፤ ስለዚህ ኩራቴ እጥፍ ነው። ኒካሁ ከረመዳን በፊት ይሆናል፣ ኢንሻአላህ።

ከጨዋታው በኋላ ሰዉ እንደ ልማዱ ፒያሳ ሱቄ ደጃፍ ተሰበሰበ፤ ወሬው ግን ሞተ። ሐብተ ማርያም ሥጋ ቤቱን ነገ ለጾሙ ሊዘጋ ነውና ከወዲሁ ተነጫንጯል። «ሁሉም አንገረብ ያሸንፋል እያለ ከማን ጋር ልወራረድ? ያለ ውርርድ ኳስ ምኑን ኳስ ሆነ?» አለ።

እኔ አልወራረድም፤ ሃይማኖቴ አይፈቅድም። አፌ ግን አላረፈም። «ለደካማው መርቁለታ» አልኳቸው። በርበሬ ሻጯ ሰፍራ ስታበቃ እፍኝ ትመርቅ የለም? እንደዚያው ጨዋታው ሳይጀመር ለደካማው ቡድን ጎል ይመረቅለት። አንገረብን የያዘ ሰው አንገረብ ስላሸነፈ ብቻ አይበላም፤ ከምርቃቱ አልፎ ማሸነፍ አለበት። ደካማውን የያዘ ደግሞ ቡድኑ ቢሸነፍም፣ በጥቂት ከተሸነፈ በላ ማለት ነው።

ሐብተ ማርያም ጭኑን መታና «እና ምርቃቱን ማን ይቁረጥ?» አለ። ሁሉም ወደ እኔ ዞሩ። ደስ አለኝ፤ ለምን እዋሻለሁ።

ማክሰኞ፣ የካቲት 17

ዛሬ ደግሞ ሌላ ክርክር። ምርቃቱ ሁለት ሆኖ አንገረብ በሁለት ቢያሸንፍ ማን ይበላል? መቀሴን አስቀምጬ «ተኩል ጨምሩበት» አልኩ። ሁለት ተኩል።

«ግማሽ ጎል የት አይተህ ታውቃለህ?» አለኝ ሐብተ ማርያም።

«አትታይም። እኩል ለእኩል እንዳይወጣ ብቻ ነው የምትገባው። በሁለት ካሸነፉ ደካማውን የያዘ ይበላል፤ በሦስት ከሆነ አንገረብን የያዘ። መሐል ላይ የሚቆም የለም።»

ሱቁ በሳቅ ተሞላ። የሚወራረዱት ከቀበሌ ሱቅ በወረፋ ያገኙትን ስኳር ነው፤ አንዳንዱ በግ ይይዛል። አንድ ሕግ እኔው አወጣሁላቸው፤ የእስላምና የክርስቲያን ውርርድ በቁሙ ነው የሚረከቡት። አንዱ በሌላው ቢላዋ የታረደ አይበላምና።

ማታ ለኩልሱም ነገርኳት። ባለቤቴ ረጅም ነገር አትወድም። «አንተ አትጠጣም፤ ትቀዳለህ እንጂ» ብላኝ መብራቱን ይዛ ወደ ጓዳ ገባች። እኔ የተናገርኩት ቁጥር ብቻ ነው።

እሑድ፣ የካቲት 22

ሁለት ተኩል ብዬ ነበር። አንገረቦች ሊቦን ሁለት ለባዶ እየመሩ ሰዓቱ ሊያልቅ ሆነ። በሌላ ጊዜ ቢሆን ሰዉ ጃኬቱን አንጠልጥሎ ወደ ቤቱ ነበር። ዛሬ ማንም ከመቀመጫው አልተነሣም! አንዱ ወገን «ሦስተኛዋን!» ይላል፤ ሌላው የተሸነፈውን ሊቦ «በርቱ! አይዟችሁ!» ይላል። ያለቀ ጨዋታ ነፍስ ዘራ። ሦስተኛዋ አልገባችም። ሐብተ ማርያም ስኳሩን ታቅፎ አንገቴን ሳመኝ።

ወደ ቤት ስንመለስ ሁለት የማላውቃቸው ሰዎች ከኋላዬ «ያ ነው፣ ሚዛን የሆነው ልብስ ሰፊ» ሲሉ ሰማሁ። ቀስ ብዬ ነው የሄድኩት፤ እንዲደግሙት።

ረቡዕ፣ የካቲት 25

እናኑ መጣች፤ ግድግዳ የምንጋራ ጎረቤቴ። ባሏ ሾፌር ነበር፤ ከሞተ ቆየ፤ ያላት ልጇ አላምረው ብቻ ነው። ማሊያውን ይዛ «አያ ሷሊሕ፣ ይኸው ደግሞ አጠረው» አለች። ጥቅምት ላይ የሰፋሁለት ነው! ይኼ ልጅ ማደጉን አላቆመም። ከእንግዲህ ለእሱ የምሰፋውን ሁሉ ትርፍ አጥፌ እተዋለሁ አልኳት፤ ሲያድግ ይፈታል።

ልጁ ማትሪክ አልመጣለትም። ጎሕ ሲቀድ ከጀማሉዲን ጋር ልምምድ ይወርዳል፤ ተቀያሪ በረኛ ነው፤ ገብቶ ግን አያውቅም። ቀን ቀን ከቤት አይወጣም። እናኑ ለውትድርና እንዳይወስዱት ለቀበሌው «ልጄ ደረቱን ያመዋል» ብላ አስመዝግባዋለች። ሰፈሩ ያውቃል፤ ዝም ይላል። በዚህ ዘመን ወንድ ልጅ ያለው ሁሉ አንድ ነገር ይላል። ጨዋታ ቀን ካፖርቱን ደርቦ ቦርሳ ጠባቂ መስሎ ከአሰልጣኙ አጠገብ ይቀመጣል። እኔም እዚያው ነኝ፤ ማሊያ ቢቀደድ ልጠቅም ብዬ።

«ጋሼ ሷሊሕ፣ አንድ ቀን እንኳ አስገቡት በላቸው» ይለኛል ሁልጊዜ። እስቃለሁ።

እሑድ፣ መጋቢት 6

አለፍን። ሁለት ለባዶ። ምርቃቱ አንድ ተኩል ነበር። ፍጻሜው ከወገራ ጋር፣ መጋቢት 27። ደክሞኛል።

ሰኞ፣ መጋቢት 14

ዛሬ የሆነውን በቅጡ መጻፍ አለብኝ።

የቀበሌያችን ሊቀመንበር ጓድ አዳሙ ካኪ ኮቱን ይዞ መጣ። «ሆዴ ላይ ጠበበኝ» አለ። «በጾም?» ስለው ሳቀ፤ የሳቀው ግን በአፉ ብቻ ነው። በሩን ገፋ አድርጎ ዘጋው። አዳሙ ክፉ ሰው አይደለም፤ አምና ክር በጠፋ ጊዜ ከሕብረት ሱቅ ያስወጣልኝ እሱ ነው። ዛሬ ፊቱ አመድ መስሏል።

እንደ ነገረኝ ቆዳ ነጋዴውን ሐጂ ኑርሑሴንን ሆቴል ቤት አገኛቸው። አዳሙ ሞቅ ብሎታል። «አንገረብን ማን ይችለዋል!» ሲባል እልህ ያዘውና «በምርቃት ከሆነ እኔ ወገራን እይዛለሁ» አለ። የተወራረዱት ወይፈን በወይፈን። ምርቃቱ ደግሞ ሷሊሕ የሚለው ይሁን ተባባሉ።

«ታዲያ ምን አለበት?» አልኩት።

«ወይፈኑ የእኔ አይደለማ!»

ለፋሲካ ቅርጫ መንደሩ ያዋጣበት ወይፈን ነው። እናኑም አለችበት፣ ዘበኛውም፣ ጠላ ሻጯም። ቀበሌው በረት ታስሮ ድርቆሽ ይበላል። በውርርድ ቢወሰድ አዳሙን ማን ያተርፈዋል? ከበታቹ ያሉት ወንበሩን ለማየት ነው የሚያድሩት።

ኮቱን እየዳበሰ «ከበላይ ለብሔራዊ ውትድርና የምንሞላው ቁጥር መጥቶልናል» አለ። «የጀማሉዲን ስም ከላይ ነው ያለው። እስካሁን ወደ ታች ያንሸራተትኩት እኔ ነኝ። ሠርግ አለበት ብዬ፣ ያንተ ነው ብዬ።»

መርፌዬን ኮቱ ላይ ሰክቼ ተውኩት።

«ይሸነፍ አላልኩህም እኮ፣ ሷሊሕ። ዋንጫውን ይውሰዱት፤ የከተማችን ዋንጫ ነው። ልጁ አንዲት ጎል ብቻ እንድትገባበት ይፍቀድ። ካሸነፉ በኋላ አንዲት ጎል ማንን ትጎዳለች?»

ማንን ትጎዳለች! ምርቃት ባይኖር እኮ ይህን ሊለኝ አይችልም ነበር። ድሮ በረኛ የሚከዳው ሲሸነፍ ነው። አሁን አሸንፎ፣ ዋንጫ ስሞ፣ በትከሻ ተሸክመውት መክዳት ይችላል፤ ያንን በር የከፈትኩት እኔ ነኝ።

«አስብበት» አለና ወጣ። ኮቱን ረስቶታል።

ረቡዕ፣ መጋቢት 16

ለጀማሉዲን ልንገረው? ብነግረው ሁለት ነገር ነው። ወይ እሺ ይላል፤ ከዚያ በኋላ ራቢዓን በየትኛው ዓይን ያያታል? ወይ እምቢ ይላልና ይሄዳል። የእሱን ግትርነት አውቃለሁ። ጎሚስታ ነው፤ የመኪና ጎማ በእጁ ሲያላቅቅ እንኳ ማንም እንዲያግዘው አይፈልግም።

ራቢዓ የሠርጓን ቀሚስ እንድለካላት ፊቴ ቆመች። ሜትሩን ሁለት ጊዜ ሳትኩት። «አባባ፣ አሞሃል?» አለች።

እሑድ፣ መጋቢት 20

አልነገርኩትም።

ጨዋታ የለም ዛሬ። ሱቅ የመጣው ሁሉ «ለወገራ ስንት ትመርቃለህ?» ይላል። ቁጥሩ ሐሙስ ነው የሚነገረው አልኩ። የወገራ ልጆች ቀላል አይደሉም፤ ሦስቱ አጥቂዎቻቸው የአምባ ጊዮርጊስን ዳገት በሩጫ እየወጡ ያደጉ ናቸው። ትክክለኛው ምርቃት አንድ ተኩል ነው። ዓይኔን ጨፍኜ እነግራችኋለሁ፤ አንድ ተኩል።

ሐሙስ፣ መጋቢት 24

ሦስት ተኩል አልኩ።

ሐብተ ማርያም «ምን?» አለ። ሐጂ ኑርሑሴን በዱላቸው ተደግፈው ቆመዋል። አንገረብን የያዙት እሳቸው ናቸው፤ ሦስት ተኩል ከሆነ አንገረብ በአራት ካላሸነፈ ወይፈናቸውን ያጣሉ። ረጅም ጊዜ አዩኝ። ከዚያ «ሷሊሕ ካለ አለ ነው» ብለው እጄን ጨበጡኝ። ምነው በሰደቡኝ!

በዚህ ቁጥር አዳሙ ወይፈኑን አያጣም። ጀማሉዲን ምንም ሳያውቅ፣ በንጹሕ እጁ ይጫወታል። የቆሸሸው የእኔ ቁጥር ነው እንጂ የእሱ ጎል አይደለም። እንዲህ ብዬ ራሴን አባበልኩ፤ እንቅልፍም ወሰደኝ።

ቅዳሜ፣ መጋቢት 26

አምባ ጊዮርጊስ አፈሳ ነበር። ገበያውን ከበው ወጣቱን ሁሉ ጫኑት። ሾፌሮቹ ከሰዓት በኋላ ወሬውን ይዘው ገቡ። ከተያዙት መሐል ሦስቱ የወገራ አጥቂዎች። የሁለቱን ስም ሾፌሩ ያውቀዋል፤ ሦስተኛው ቀይ፣ አጭር ልጅ ነው አለ።

ቡድኑ ግን ይመጣል። አልመጣም ቢል ምክንያት ሊጠየቅ ነው። በእነሱ ቦታ ታዳጊዎችና አያ ቢሻው ይጫወታሉ፤ አያ ቢሻው አሰልጣኛቸው ናቸው፤ ፀጉራቸው ገብስማ ነው።

እነዚያን ልጆች ሳስብ መጀመሪያ የመጣልኝ እናቶቻቸው አይደሉም። ሦስት ተኩል አይበቃም የሚለው ነው። ይህን የጻፍኩት እንዳልረሳው ነው። ከዛሬ በኋላ ትክክለኛው ምርቃት አምስት ተኩል ነው፤ አንዴ የተነገረ ቁጥር ደግሞ አይቀየርም። ያንን ሕግም ያወጣሁት እኔ ነኝ።

እሑድ፣ መጋቢት 27። ከሜዳ በፊት

ቁርስ አልወረደልኝም። አዳሙ ከክብር እንግዶች ጋር ነው የሚቀመጠው፤ ከእኛ ወንበር ፊት ለፊት።

እሑድ ማታ

አራት ለአንድ።

በቅደም ተከተል ልጻፈው። ከዕረፍት በፊት ሁለት አገባን። አያ ቢሻው መሐል ሜዳ ቆመው ልጆቻቸውን በስም እየጠሩ «አይዞህ ሸጋው! አይዞህ!» ይላሉ። ሰዉ ሲስቅባቸው ቆይቶ በኋላ መሳቁን ተወ። ከዕረፍት መልስ ሦስተኛ ገባች። አዳሙን አየሁት፤ ቀጥ ብሎ ተቀምጧል። ሦስት ለባዶ ደኅና ነው፤ ወገራ ከእነምርቃቱ ይበልጣል። አራተኛዋን ግን የኛ ተከላካይ ከሩቅ መታት። ለጨዋታ ብሎ ነው የመታት፤ ገባች። አዳሙ ባርኔጣውን አውልቆ ጉልበቱ ላይ አደረገው።

ጀማሉዲን ጎሉ ላይ ቆሞ ዘንግ መስሏል። ያለ ጎል ውድድሩን ሊጨርስ ነው። እንዲህ ያለ ነገር ማንም በከተማችን አላየም። እኔ ደግሞ በልቤ ጎል እንዲገባበት ዱዓ አደርጋለሁ።

አጠገቤ አላምረው አለ፤ ካፖርቱን እንደ ደረበ። ጉልበቱ በራሱ ይዘላል። «ጋሼ ሷሊሕ፣ አራት ሆነ እኮ፤ አሁን እንኳ...» አለኝ።

ወደ አሰልጣኙ ጎንበስ ብዬ «ጨዋታው አልቋል፤ ለዚህ ልጅ ጥቂት ደቂቃ ብትሰጠው ምን አለበት? ዓመቱን ሙሉ ኳስ ሲለቅም ከረመ» አልኩት። ልጁ አሳዝኖኝ ነው። እንዲጫወት ነው። አሰልጣኙ ሰዓቱን አየ፤ ሜዳውን አየ፤ እጁን አነሣ።

ጀማሉዲን ሲወጣ እኔን አየኝ እንጂ አሰልጣኙን አላየም።

አላምረው ካፖርቱን ጥሎ ሮጠ። ሲሮጥ እንዴት ያምራል! ቁመቱ አግዳሚው ሊደርስ ምንም አልቀረው። ጥቂት ቆየና አያ ቢሻው ኳሷን ከሩቅ በቀስታ ላኳት። ልጁ ወደቀ፤ ተንጠራራ፤ በእጁ ሥር አለፈች። አያ ቢሻው ጨፈሩ አይባልም፤ መጥተው ልጁን ከመሬት አነሡት፤ አፈሩን ከማሊያው አራገፉለት።

ፊሽካ። ዋንጫ። አዳሙ ባርኔጣውን ደፋ።

ሰኞ፣ መጋቢት 28

ጀማሉዲን ሱቅ መጣ። አልተቀመጠም። «አያ ሷሊሕ፣ ምነው አስወጡኝ?»

«አሰልጣኙ ነው።»

«እርስዎ ሲነግሩት አይቻለሁ።»

«ልጁ አሳዝኖኝ ነው» አልኩት። «እሱስ እኔንም ያሳዝነኛል» አለና ሄደ።

ሐጂ ኑርሑሴን ወይፈናቸውን ራሳቸው እየነዱ ወስደው ለአዳሙ አስረከቡ። በቁሙ።

ሐሙስ፣ ሚያዝያ 1

የቀበሌ ስብሰባ። ስም ተነበበ። ጀማሉዲን የለበትም። ጆሮዬ የእሱን ስም ብቻ ሲጠብቅ ስለ ነበር ሌላውን በደንብ አልሰማሁም። «አልሐምዱሊላህ» ስል ከሴቶቹ በኩል ድምፅ ተሰማ። ጩኸት አይደለም። ከባድ ዕቃ ተሸክሞ የነበረ ሰው ሲያወርድ እንደሚያወጣው ያለ ነው። እናኑ ነበረች።

አላምረው። ከፋሲካ በኋላ በዕለተ ረቡዕ ይሄዳሉ።

ዓርብ፣ ሚያዝያ 2

አዳሙ ኮቱን ሊወስድ መጣ። ኮቱ አልተነካም።

«ልጁ ደረቱን ይታመማል ተብሎ ተመዝግቦ አልነበረም?» አልኩት።

«ነበር። በስም ብቻ ነበር የማውቀው፤ በመልክ አላውቀውም። እሑድ ሜዳ ላይ አየሁት። ያን የሚያህል ልጅ! ያ ደረት ነው የታመመው? አጠገቤ የተቀመጡት ሰዎችም ጠየቁኝ፤ ይኼ የማን ነው አሉ፤ የኔ ቀበሌ ነው አልኩ። ከዚያ በኋላ ምን ላድርግ?» ድምፁ ዝቅ አለ። «ሷሊሕ፣ ቁጥሩ መሙላት አለበት። አንዱን ወደ ታች ስናንሸራትት ሌላው ከፍ ይላል። ያንተን ከላይ ያነሣሁት ባዶ ቦታ ትቼ መሰለህ?»

ዓይኑ እንባ አቅርሯል። እኔ ሰደብኩት? አልሰደብኩትም። ኮቱን አጥፌ ሰጠሁት።

የልጁን ደረት ነገር ረስቼው ነበር። ወላሂ ረስቼዋለሁ። በዚያ ሰዓት ትዝ አላለኝም።

እሑድ፣ ሚያዝያ 4

ሐጂ ኑርሑሴን ገብተው ተቀመጡ። «ስለ ወይፈኑ አትጨነቅ» አሉኝ። «ሰው ይሳሳታል። ሦስት ተኩል ስሕተት ነበር እንጂ ውሸት አልነበረም።» ትከሻዬን መታ መታ አድርገውኝ ወጡ። ያን ሲሉ ዓይኔን አላዩም። ያውቃሉ። እንድቆም ቦታ ሊተዉልኝ ነው የመጡት።

ሐሙስ፣ ሚያዝያ 8

ጀማሉዲን ጠዋት ጠዋት እናኑ ግቢ ገብቶ እንጨት ይፈልጣል። የክረምቱን ሁሉ ሊጨርሰው ነው። ራቢዓ ምሳ ስታመጣልኝ ታስቀምጥና ትሄዳለች። ኩልሱምን «ልጅቷ ምን ሆና ነው?» ስላት «ግድግዳችን ቀጭን ነው፤ ያቺ ሴት እንደማታድር ትሰማለች» አለችኝ።

ኒካሁ ይዘግይ ያለው ጀማሉዲን ነው። ከእናኑ ልቅሶ ጎን ከበሮ አልመታም አለ። ትክክል ነው። ምን እላለሁ።

ሐብተ ማርያም የሚቀጥለውን ዋንጫ ምርቃት ሊያስቆርጠኝ መጣ። አላውቅም አልኩት። «አንተ ሳታውቅ ማን ያውቃል?» አለ። አላውቅም አልኩት ደግሜ። መቀሴን ሳላነሣ እስኪሄድ ጠበቅሁ።

እሑድ፣ ሚያዝያ 11፣ ፋሲካ

ቅርጫው ደመቀ። በሁለት ወይፈን ነው፤ አዳሙ በውርርድ ያገኘውም ተጨመረበት። ሰፈሩ ሁሉ አዳሙን ሲመርቅ ዋለ። እናኑ እንደ ሁልጊዜው የሥጋውን ነገር አውቃ ለእኛ ዳቦና ማር ላከች፤ ያመጣው አላምረው ነው። በሩ ላይ ጎንበስ ብሎ ገባ። «ጋሼ ሷሊሕ፣ ያቺ ጎል ግራ እጄን ብዘረጋ ትያዝ ነበር አይደል?» አለኝ። ይህን ነው የሚያስበው!

«ትያዝ ነበር» አልኩት።

«ስመለስ አላስገባትም።»

ማክሰኞ፣ ሚያዝያ 13

ትናንት ማታ እናኑ የሟች ባሏን የሾፌር ኮት ይዛ መጣች። ወፍራም ነው፤ ገበሩ ብቻ ነው ያለቀው። «ሰሜን ይበርዳል ይላሉ። ለልጄ አስተካክልልኝ» አለች። እንድትለካው ልጁን ልጥራልህ ብትለኝ አያስፈልግም አልኳት። ልኩን አውቀዋለሁ።

ዛሬ ሱቅ አልከፈትኩም። ቤት ቁጭ ብዬ ስሰፋ ዋልኩ። ኩልሱም ክር ታቀብለኛለች። አንዴ ብቻ «አትነግራትም?» አለችኝ። የስፌት መኪናውን መዘወሬን አላቆምኩም፤ እሷም አልደገመችው።

ሲመሽ እናኑ መጣች። ኮቱን በብርሃን ገልብጣ አየችው።

«ልጄ ነግሮኛል» አለች። «ያስገባኝ ጋሼ ሷሊሕ ነው አለኝ። ስቆጣው እንኳ እየሳቀ ነው። ከተወለደ እንደዚያ ቀን ደስ ብሎት አያውቅም። ቁጭ አድርጌ ሸሽጌ አኖርኩት እንጂ፣ እኔ ምን ሰጠሁት? አንተ እንኳ አንድ ቀን አጫወትኸው።»

ይህን ብላ እጄን ልትስም ጎነበሰች። እጄን ነጠቅኋት፤ አፌ ግን አልተከፈተም። አላህ ይይልኝ፤ አልተከፈተም።

ከዚያ እጅጌውን በጣቶቿ ስትዳብስ ወደ ውስጥ የታጠፈውን አገኘችው። «ምነው ይኼን ሁሉ አጠፍኸው?»

«ገና ያድጋል» አልኳት። «ሲመለስ ይፈታል።»

እጥፋቱን በአውራ ጣቷ ለካችው። ኮቱን ወደ እኔ መለሰችው።

«እንግዲያ ስፌቱን አታጥብቀው፣ አያ ሷሊሕ። በቶሎ እንዲፈታ።»

ፈትቼ እንደገና በሰፊው ዘመዘምኩት።